የአሥር ሰዓት አደራ

ሌሊት አሥር ሰዓት ሲሆን ዓይኔ ይገለጣል። የሚደውል ሰዓት አልሞላም፤ በሠፈራችን የሚጮህ ዶሮም ከጠፋ ቆይቷል። ጡረታ ከወጣሁ ዓመታት ተቆጥረዋል፤ የሚጠብቀኝ እንግዳ፣ የምፈርመው ወረቀት፣ ተነሥቶ እንደሆነ ጆሮዬን የምጥልለት ጄኔሬተር የለም። ቢሆንም አሥር ሰዓት ላይ ነቅቼ ጣሪያ አያለሁ። ባለቤቴ ድሮ «ምነው፣ አመመህ?» ትለኝ ነበር፤ አሁን ለምዳዋለች፤ ብርድ ልብሱን ሳብ አድርጋ ትተኛለች። እኔ ግን በዚያች ሰዓት አንድ ሰው ይታወሰኛል፤ በክፍል ቁጥር 412 ውስጥ በእኔ ጥፋት ያረፈደ አንድ አዛውንት ሐኪም።

የሆቴል ሙያ የተማሩ ወጣቶች አልፎ አልፎ ቤቴ ይመጣሉ። «የትልቅ ሆቴል ዋና ሥራ አስኪያጅ ለመሆን ምን ያስፈልጋል?» ይሉኛል። የሚጠብቁት ስለ ቋንቋ፣ ስለ ዲግሪ፣ ስለ ውጭ አገር ልምድ እንድነግራቸው ነው። ሁሉም ያስፈልጋል። እኔ ግን አቦሉ እስኪጠጣ ስለዚያ ሐኪም፣ ቶናው እስኪደርስ ደግሞ በ2003 ዓ.ም ጥር ላይ ስለደረሰብን የሰርግ ጉዳይ አወራቸዋለሁ። በረካው ሲቀዳ ጥያቄያቸው ተለውጦ አገኘዋለሁ። ዛሬ ያንኑ ወሬ በጽሑፍ ላስቀምጠው።

የተወለድኩት ጣርማ በር ሥር፣ ወደ ደሴ በሚወስደው አስፋልት ዳር ነው። ያን ቦታ የሚያውቅ ጉሙን ያውቃል። በጣሊያን ዘመን ተራራው ተፈልፍሎ ከተሠራው ዋሻ አፍ ላይ ጉም ሲወርድ፣ ሹፌር የራሱን መኪና አፍንጫ እንኳ አያይም። የጭነት መኪኖች ዳር ይዘው ይቆማሉ። ያኔ የእናቴ ደጅ ይንኳኳል።

«ቤቶች! የመሸበት እንግዳ!»

«ይግቡ፣ ቤት የእግዜር ነው!»

እናቴ ማን እንደሆነ ሳትጠይቅ ነው የምትከፍተው። ውኃ አሙቃ እግር ታጥባለች። ያለውን ታቀርባለች፤ ከሌለም ቆሎ ትቆላለች። መደቡን ለእንግዳው ለቃ እኛን ልጆቿን ወደ ምድጃው ጥግ ታወርደናለች። ጠዋት እንግዳው እጁን ወደ ኪሱ ሲሰድ «ተው፣ ተው፣ መንገዱን ያቅናልህ» ብላ ትሸኘዋለች። አንድ ቀን ታዲያ ከእነዚያ ሹፌሮች አንዱ አሥራ ሁለተኛ ክፍል ጨርሼ ሥራ ማጣቴን ሰምቶ አዲስ አበባ ይዞኝ ገባ፤ ዘመዱ በሚሠራበት አንድ ትልቅ ሆቴል ላውንደሪ ውስጥ አስቀጠረኝ። ዘመኑ 1976 ዓ.ም ነበር።

በመጀመሪያው ፈቃዴ ወደ ቤት ስመለስ እናቴ ሥራዬን አብራራልኝ አለችኝ። አልጋውን፣ ምንጣፉን፣ ሙቅ ውኃው ከግድግዳ እንደሚወርድ ነገርኳት። በጥሞና ሰምታኝ «እንግዳውን አሳድረው ገንዘብ ይቀበሉታል?» አለችኝ።

«አዎ እማዬ።»

ዝም አለች። ከዚያ «ገንዘብ የሌለውስ የት ያድራል?» አለች።

መልስ አልነበረኝም። እንዲህ የሚያስበው የጣርማ በር ገበሬ ብቻ እንዳልነበረ ኋላ ነው የተረዳሁት። እቴጌ ጣይቱ በ1900 ዓ.ም አካባቢ ፒያሳ ላይ ሆቴል ሲከፍቱ፣ እንጀራ ለሰው መሸጥ እንደ ነውር የሚታይበት አገር ነበር። ሰዉ አልገባ ቢል አፄ ምኒልክ ራሳቸው መኳንንቱን አስከትለው ሄደው በልተው ከፍለው እንዳስለመዱ ይነገራል። ሥራ በከበደኝ ቀን እዚያ ቤት ሄጄ በእንጨት ደረጃው ላይ ወጣ ወረድ ማለት ልማዴ ነበር። ጥር 3 ቀን 2007 ዓ.ም እሳት በልቶት ሳይ፣ ከሕዝቡ መሀል ቆሜ እንደ ዘመድ ሞት ነው የተሰማኝ። የሙያችን አያት ቤት ነውና።

ወደ ላውንደሪው ልመለስ። ሁሉም እትዬ የሚሏት የልብስ ኃላፊ ነበረችን። ከእርሷ የተማርኩትን ያህል ከማንም አልተማርኩም። ለአንድ አልጋ ሦስት ሙሉ አንሶላ እንደሚያስፈልግ ያስተማረችኝ እሷ ናት፤ አንዱ አልጋው ላይ፣ አንዱ እጥበት ውስጥ፣ አንዱ መደርደሪያ ላይ። ሦስተኛው ከጎደለ አንድ ቀን መብራት ሲጠፋ እንግዳ ያለ አንሶላ ያድራል። ደግሞ «አንሶላ ምስክር ነው» ትለኝ ነበር። ከክፍል የወረደውን አንሶላ ዘርግታ ታይና «ይኼ ሰው ሲገላበጥ ነው ያደረው፤ ፍራሹ ይታይ» ወይም «ይኼኛው ታሟል፤ ሻይ ይላክለት» ብላ ወደ ላይ ታስደውላለች። እንግዳው በአፉ ያልተናገረውን እሷ ከጨርቁ ታነብብ ነበር።

በዓመቱ እንግሊዝኛዬ ደህና ነው ተብሎ ወደ ሪሴፕሽን ተዛወርኩ። 1977 ዓ.ም ነው። ያን ዘመን ለሚያስታውስ ብዙ መናገር አያስፈልግም። በሰሜን ሕዝብ በረኀብ ይረግፋል፤ የአዲስ አበባ ሆቴሎች ደግሞ በጋዜጠኛና በእርዳታ ሠራተኛ ተጨናንቀዋል። ወሎ ዘመድ ያላቸው አስተናጋጆች ሰሃን ተሸክመው እንባቸውን ሲጠርጉ አይቻለሁ። ከእንግዶቹ መካከል ያ አዛውንት ሐኪም ነበር። በንጋት 12 ሰዓት ወደ ሰሜን በሚበር የእርዳታ አውሮፕላን መሄድ ስለነበረበት፣ ማታ ወደ ባንኮኒው መጥቶ በእንግሊዝኛ «በአራት ሰዓት ቀስቅሱኝ» አለኝ።

የፈረንጅ አራት የእኛ አሥር ነው። ይህን የማያውቅ ኢትዮጵያዊ የለም፤ ስድስት መደመርና መቀነስ ከፊደል ጋር ነው የምንማረው። እኔም አውቅ ነበር። ግን ስልክ ይጮኻል፣ ከውጭ የገባ ቡድን ሻንጣውን ቆልሎ ቁልፍ ይጠብቃል፤ በመዝገቡ ላይ «ክፍል 412፣ በ4 ሰዓት ይቀስቀስ» ብዬ ጽፌ አለፍኩ። ሌሊት 5 ሰዓት ላይ ፈረቃዬን ለስልክ ኦፕሬተሯ አስረክቤ ሄድኩ። እሷ ስታነበው የማታው 4 ሰዓት አልፏል፤ ስለዚህ የጠዋቱ ነው ብላ ያዘች። ደግሞም ልክ ናት፤ የተጻፈው እንደዚያ ነዋ። ከጠዋቱ በ4 ሰዓት ደወለችለት። አውሮፕላኑ ከሄደ አራት ሰዓት ሆኖታል።

ሐኪሙ ሸሚዙን አዛንፎ ቆልፎ፣ ቦርሳውን በእጁ አንጠልጥሎ ወረደ። አልጮኸም። ቢጮህ በቀለለኝ። ሎቢው ውስጥ ካለ ወንበር ላይ ቁጭ አለና ቦርሳውን ጉልበቱ ላይ አስቀመጠው። በቦርሳው ውስጥ ለሕፃናት የሚሆን መድኃኒት እንደነበረ ቆይቼ ሰማሁ። ስንት ሰው ይጠብቀው እንደነበር ማንም አልነገረኝም፤ እኔም ለመጠየቅ አልደፈርኩም።

ሥራ አስኪያጃችን አጠር ያሉ፣ ድምፃቸው ዝቅ ያለ ሰው ነበሩ። በስብሰባ ላይ «ጓድ» እንላቸዋለን፤ ከስብሰባ ውጭ ግን «ጋሼ» ነበሩ። ወርደው ሐኪሙ ፊት ቆሙና «ጥፋቱ የእኔ ነው» አሉ። ሐኪሙ ቀና ብሎ «መልእክቱን የተቀበለው ማነው?» አለ። እኔ ሦስት እርምጃ ርቄ ቆሜያለሁ፤ ጉልበቴ ይንቀጠቀጣል። ጋሼ ወደ እኔ ዘወር ሳይሉ «የተቀበለው ሆቴሉ ነው» አሉት። ከዚያ ቢሮ ገብተው ምሳ ሳይበሉ ሲደውሉ ውለው፣ ለማግስቱ ንጋት በሌላ አውሮፕላን ላይ ቦታ አገኙለት።

ማታ አስጠሩኝ። እንደምባረር እርግጠኛ ነበርኩ። «እንግዳ ለእኛ ከሚሰጠን አደራ ትልቁ ምንድን ነው?» አሉኝ።

«ገንዘቡ፣ ጋሼ።»

«ገንዘቡን ካዝና ውስጥ ይቆልፈዋል። እንቅልፉንስ ማን ላይ ይቆልፈዋል? ሰው ሲተኛ ራሱን እንኳ አያውቅም፤ ዓለሙን ለሌላ ሰው ትቶ ነው የሚተኛው። ያ ሰውዬ የተኛው በአንተ ላይ ነው።»

ይህን ብለው ወደ አራተኛ ፎቅ ሄጄ ከክፍል 412 በር አጠገብ ወንበር አስቀምጬ እንዳድር አዘዙኝ። አደርኩ። የኮሪደሩ ሰዓት አሥር ሲል ተነሥቼ አንኳኳሁ። በሩ ወዲያው ተከፈተ። ሐኪሙ ለብሶ፣ ጫማውን አስሮ ቆሟል። ከትከሻው በላይ አልጋው ታየኝ፤ አንሶላው እንደተነጠፈ ነው፤ ትራሱ አልጎደጎደም። ሰውዬው አልተኛም ነበር። እኛን አምኖ መተኛት አልቻለም። «አመሰግናለሁ» ብሎኝ ሄደ። እኔ ያንን ያልተነካ አንሶላ እያየሁ ቀረሁ። እትዬ እንዳለችው ምስክር ነው፤ ምስክርነቱም በእኔ ላይ ነበር። አደራ ጥብቅ ሰማይ ሩቅ ይላሉ አበው፤ አደራ ሲበላ ምን እንደሚመስል በዓይኔ አየሁት።

ከዚያ ሌሊት ወዲህ ሰዓት ስጽፍ የአገራችንንም የፈረንጁንም ሁለቱንም እጽፋለሁ። በአሥር ሰዓት መንቃትም ያኔ ተጀመረ።

ዓመታት እንደ ፈረቃ ተቀባበሉ። የሪሴፕሽን ኃላፊ ሆንኩ፤ የሌሊት ሥራ አስኪያጅ ሆንኩ። ግንቦት 20 ቀን 1983 ዓ.ም ንጋት ከተማው በተኩስ ሲናወጥ እኛ መጋረጃ ዘግተን፣ እንግዶችን ከመስኮት አርቀን ቁርስ በሰዓቱ አቀረብን። ከዚያም ሥልጠና፣ ፈተና፣ ዕድገት። መጽሐፍ ብዙ አነበብኩ፤ ነገር ግን መጽሐፉ የተጻፈበት አገርና እኛ ያለንበት አገር አንድ እንዳልሆነ ሥራው በየዕለቱ ያስተምረኝ ነበር። አንድ ከአውሮፓ የመጣ ሼፍ በመጀመሪያው ሳምንት የተቀቀለ እንቁላል ሁሉ እየተመለሰበት ግራ ገባው። በአገሩ የለመደውን ደቂቃ ቆጥሮ ነው የሚያወጣው። አዲስ አበባ ግን ከባሕር ጠለል በላይ ወደ 2,350 ሜትር ከፍታ ላይ ናት፤ ውኃ እዚህ የሚፈላው በ92 ዲግሪ ገደማ ነው። ይህን የነገረችው ሰሃን የምታጥበው ሴት ናት፤ በዲግሪ ባይሆንም «እዚህ አገር ውኃው ይፈላል እንጂ አይበረታም» ብላ። በ1960ዎቹ መጀመሪያ የተከፈተው የአዲስ አበባ ሒልተን መዋኛ የቤተ ጊዮርጊስን የመስቀል ቅርጽ እንዲይዝና በፍልውኃ እንዲሞላ ያሰቡት ሰዎች ይህ ነገር ገብቷቸዋል እላለሁ። ሆቴል የቆመበትን አፈር፣ ውኃና ሰዓት መምሰል አለበት። ጾሙን የማያውቅ ወጥ ቤት፣ የረቡዕና የዓርብ ድስት ከቅቤ ድስት የማይለይ ሼፍ፣ በወርቅ ቢለበጥ ለእኛ ሰው የቅንጦት ቤት አይሆንም።

በመጨረሻ ዋና ሥራ አስኪያጅ ሆኜ ተሾምኩ፤ በሌላ ሆቴል፣ ግን እትዬን ጨምሮ ብዙ የድሮ ባልደረቦቼ ተከትለውኝ መጥተው ነበር። ሥራው ከሩቅ የሚታየው ሙሉ ልብስና የእንግዳ አቀባበል ነው። ከቅርብ ሌላ ነው። እኔ ጠዋት የምገባው በዋናው በር ሳይሆን በኋላው ነበር። መጀመሪያ ዕቃ መረከቢያውን፣ ቀጥሎ ማሞቂያ ክፍሉን፣ ከዚያ ላውንደሪውን አያለሁ። የጄኔሬተሩን ናፍጣ እጠይቃለሁ። የሌሊቱን ሒሳብ መዝገብ አነባለሁ፤ ስንት ክፍል ተያዘ፣ በአማካይ በስንት ተሸጠ፣ ማን ቅሬታ አቀረበ። ከዚያ ከክፍል ኃላፊዎች ጋር ቆመን ሩብ ሰዓት እንነጋገራለን። ቁጥሩ አስፈላጊ ነው፤ ቁጥሩ ከጎደለ ደመወዝ ይጎድላል። ነገር ግን ቁጥር የማያሳየው አንድ ነገር አለ፤ በዚያ ሌሊት ስንቱ ሰው እኛን አምኖ እንደተኛ።

አሁን ወደ ጥር 2003 ልምጣ። ጥር የሰርግ ወር ነው። አንድ ቤተሰብ ከወራት በፊት ትልቁን አዳራሽ ለ350 ሰው ለጥር 15 አስይዟል። ሪዘርቬሽን ክፍል የምትሠራው ልጅ፣ ሃያ ሦስት ዓመቷ ነበር፤ ስሟን አልጠራም፤ መዝገባችን በኮምፒዩተር ስለነበረና ኮምፒዩተሩ የሚያውቀው የፈረንጅ ቀን ብቻ ስለነበረ፣ ጥር 15ን ጃንዋሪ 15 ብላ አስገባችው። ጃንዋሪ 15 በእኛ ጥር 7 ነው። የስምንት ቀን ልዩነት። ዝግጅቱ ሊደርስ ሲል የግብዣ ክፍሉ ኃላፊ ለሙሽራዋ አጎት ደውሎ «ለአሥራ አምስት ነው አይደል?» አለ። አጎትየው «አዎን፣ ለአሥራ አምስት ነው» አሉ። ሁለቱም እውነት ተናገሩ፤ ሁለቱም ስለተለያየ ቀን ተናገሩ።

ወረቀቱ ወደ እኔ መጣ። እኔ ፈረምኩ። ወረቀቱ ላይ «እሑድ፣ ጃንዋሪ 15» ይላል። የዚያ ዓመት ጃንዋሪ 15 ግን ቅዳሜ ነበር። ከጎኔ የጠረጴዛ ካሌንደር ነበር። አንገቴን ባዞር ኖሮ አየው ነበር።

ጥር 7 ቀን፣ የሥላሴ ዕለት፣ አዳራሹ እንደ ሙሽራ ተሸለመ። ዶሮው በየብልቱ ወጥቶ ተሠርቷል፤ ክትፎው፣ ጥብሱ፣ ዓሣው፣ ጠጁ ተሰናድቷል። አስተናጋጆች ነጭ ጓንት ለብሰው በሁለት ረድፍ ቆመዋል። ሰባት ሰዓት ሆነ። ሰባት ተኩል ሆነ። ማንም አልመጣም። ለአጎትየው ብንደውል «የምን ሰርግ? ገና ስምንት ቀን ይቀረዋል እኮ!» አሉን። መዝገቡን ስንገልጥ፣ ጥር 15 ቀን አዳራሹ ለአፍሪካ ኅብረት ጉባኤ ለሚገቡ እንግዶች ስብሰባ ተሰጥቷል። የጉባኤ ሰሞን ነውና በከተማው ሌላ ባዶ አዳራሽ የለም።

በዚያ ባዶ አዳራሽ መሀል ቆሜ አንድ በመጽሐፍ የማውቀው ሰው ታሰበኝ፤ ሴዛር ሪትዝ። በሙያችን ስሙ የቅንጦት ሌላ ስም ሆኗል። እ.ኤ.አ. በ1850 በስዊዘርላንድ ኒደርዋልድ በምትባል መንደር ከገበሬ ቤተሰብ አሥራ ሦስተኛ ልጅ ሆኖ ተወለደ። ለለንደኑ ሳቮይ ስም ያወጣው፣ በ1898 በፓሪስ በስሙ የሚጠራውን ሆቴል የከፈተው እሱ ነው። በ1902 የእንግሊዙ ንጉሥ ኤድዋርድ ሰባተኛ ዘውድ ሊጭኑ ቀን ተቆርጦ፣ ሪትዝ በለንደኑ ካርልተን ሆቴል ታላቅ ድግስ አሰናድቶ ሳለ፣ ሁለት ቀን ሲቀረው ንጉሡ ታመሙና ለቀዶ ሕክምና ገቡ፤ በዓሉ ተላለፈ። ሪትዝ እንግዶቹን አረጋግቶ፣ ድግሱን አስበትኖ ሲያበቃ ራሱ ወደቀ። ከዚያ ወዲህ እስከሞተበት እስከ 1918 ድረስ ሙሉ ጤና አላገኘም። ድሮ ይህን ሳነብ ለድግስ ብሎ ሰው እንዴት እንደዚያ ይሰበራል እል ነበር። በዚያ ቀን ገባኝ። የተነጠፈ ጠረጴዛ፣ የቆመ አስተናጋጅ፣ የማይመጣ እንግዳ፤ ይህን ያየ ሰው አጥንቱ ይሰማዋል።

ምግቡን ምን እናድርገው? እትዬ ከላውንደሪ ወጥታ «ዛሬ ሥላሴ ነው፤ በቤተ ክርስቲያኑ ደጅ ስንት የተራበ አለ» አለች። በሆቴሉ መኪኖች ጭነን ወሰድን። አስተናጋጆቹ ነጭ ጓንታቸውን ሳያወልቁ፣ ለሚኒስትር እንደሚያቀርቡት አጎንብሰው ለነዳያን አቀረቡ። እንዲያ አድርጉ ያላቸው የለም። «ገንዘብ የሌለውስ» የሚለው የእናቴ ድምፅ በጆሮዬ ነበር። ያኔ በሕይወት አልነበረችም። ብትኖር ያን ቀን ልደውልላት እወድ ነበር።

ደግ ሥራው እዚህ ላይ ያበቃል። በማግስቱ የሙሽራዋ ቤተሰቦች መጡ፤ አባት፣ አጎት፣ ከደብረ ብርሃን ለሰርጉ ቀድመው የገቡ አያት። ሎቢው ውስጥ ድምፅ ከፍ አለ። እንግዶች ዞረው ያዩናል። ልጅቷን አስጠራኋት። መጥታ አጠገቤ ቆመች። እኔም፣ ያ የጋሼ ደቀ መዝሙር፣ ጣቴን ቀስሬ «የተሳሳተችው ይቺ ናት» አልኩ።

ልጅቷ ምንም አልመለሰችም። ዓይኗ ሞላ።

አያትየው በዘንጋቸው ወለሉን ነካ አደረጉና «ልጄ፣ የዚህ ቤት አባወራ ማነው?» አሉኝ።

«እኔ ነኝ፣ እማማ።»

«እንግዲያው እንግዳ ሲከፋ አባወራው ይጠየቃል እንጂ ልጅ ይጠቆማል? እኛ አገር እንዲህ ያለ ቤት አናድርም።»

ከዚያ በኋላ የተናገሩትን አልሰማሁም። ሦስት እርምጃ ርቄ የቆምኩበት፣ ጋሼ ዘወር ብለው ያላዩኝ ያ ጠዋት ተመልሶ መጣብኝ። ልጅቷ ያን ማታ መታወቂያዋን ጠረጴዛ ላይ ትታ ሄደች።

ሌሊት አሥር ሰዓት ነቅቼ ሳስብ አደርኩ። ይቅርታ በስልክ የሚባል ነገር አልነበረም፤ በአደባባይ የተዋረደች ልጅ በስልክ አትካስም። ጠዋት እትዬ ጋ ሄጄ «ሽማግሌ ሁኚኝ» አልኳት። እሷ፣ የጥበቃ ኃላፊውና አንድ አሮጌ አስተናጋጅ ሆነው የልጅቷ እናት ቤት ሄዱ። በሁለተኛው ሙከራ እሺ አለች። በሦስተኛው ቀን ስትመለስ ሠራተኛውን በሙሉ እዚያው ሎቢ ውስጥ ሰበሰብኩ። ወረቀቱን በእጄ ይዤ «እሑድ ጃንዋሪ 15 የሚል ጽሑፍ ላይ የፈረምኩት እኔ ነኝ። ካሌንደሩ ከጎኔ ነበር። ጥፋቱ የእኔ ነው፤ በሰው ፊት ስላዋረድኩሽ ይቅርታ አድርጊልኝ» አልኳት። ለሙሽራዋ ቤተሰብም ቤታቸው ድረስ ሄጄ ይህንኑ ተናገርኩ።

አያትየው ሰምተውኝ «ታዲያ ልጄን የት ልትድራት ነው?» አሉ።

«አዳራሽ የለኝም፣ እማማ። ግቢ ግን አለኝ።»

ፊታቸው በራ። «ሰርግ ድሮስ በዳስ አይደለም እንዴ!»

ድንኳን ፍለጋ ከተማውን ዞርን። ጥምቀትና ሰርግ ተገናኝተው የሚከራይ ድንኳን አልተረፈም። ያዳኑን የሠራተኞቻችን እድሮች ናቸው። ሦስት እድሮች ድንኳናቸውን አዋሱን። ለቅሶ የዋለበትን ድንኳን ለሰርግ ማዋል እንዳይከብድ እትዬ ሁለት ሌሊት ሙሉ አሳጠበችው። ከዚያ ከመደርደሪያው ላይ ሦስተኛውን አንሶላ አወረደች፤ ያን የመጠባበቂያ አንሶላ፤ በዳሱ ውስጥ ግድግዳ አድርጋ ሰፋችው። ልጅቷ ወንበር ስትቆጥር፣ ሼፉ ወጥ ሲያወጣ፣ ኢንጂነሩ መብራት ሲዘረጋ፣ ሁሉም የራሱን እህት የሚድር ይመስል ነበር። የሪዘርቬሽን መዝገባችንም ከዚያ ሳምንት ጀምሮ ሁለት ዓምድ ኖረው፤ በአንዱ የእኛ ቀን፣ በሌላው የፈረንጁ፣ በመካከል የሳምንቱ ቀን። ሐሳቡን ያመጣችው ልጅቷ ናት።

ጥር 15 እሑድ ነበር። ሰማዩ ጠርቶ ዋለ። ሙሽሮቹ በሣሩ ላይ ጨፈሩ፤ የጉባኤ እንግዶች ከሰገነት ላይ ሆነው አጨበጨቡ። የሆነው ሁሉ ቀርቷል ማለት አይደለም፤ የሙሽራዋ አባት ለረጅም ጊዜ ሞቅ ባለ ሰላምታ አልጨበጠኝም፤ አልፈርድበትም። ለቤተሰቡ ማረፊያ ክፍሎች ሰጥተን ስለነበር አያትየው እኛ ዘንድ አደሩ። ወደ ክፍላቸው ሲገቡ በዘንጋቸው ጠቀስ አደረጉኝ።

«ነገ ኪዳነ ምሕረት ናት። ኪዳኑ እንዳያመልጠኝ ሌሊት አሥር ሰዓት ላይ ቀስቅሰኝ።»

«እሺ፣ እማማ።»

ወንበር አስመጥቼ ከበራቸው አጠገብ ተቀመጥኩ። ዘጠኝ ሰዓት አካባቢ ልጅቷ ሁለት ብርጭቆ ሻይ ይዛ መጣች። አንዱን ሰጠችኝና ሁለተኛውን ይዛ ከግድግዳው ተደግፋ ቆመች። አልተነጋገርንም። አሥር ሲል ተነሥቼ አንኳኳሁ። መልስ የለም። ደግሜ አንኳኳሁ። አሁንም ጸጥታ ነው። ልቤ መምታት ጀመረ። በሦስተኛው፣ ከሩቅ እንደሚመጣ ሰው፣ በእንቅልፍ የተዘጋ ድምፅ ሰማሁ።

«ማነው?»

«እኔ ነኝ እማማ፤ አሥር ሰዓት ሆኗል።»

«ውይ! እንዴት ያለ እንቅልፍ ነው የወሰደኝ፣ ልጄ!»